በየሁለተኛው እርምጃ

አዳማ የኖርኩባቸው አራት ዓመታት ቢጨመቁ ከአንድ ቀን የሚበልጥ የሚወጣቸው አይመስለኝም። ጠዋት ቤተ ክርስቲያን ተሳልሜ በባጃጅ ወደ ዩኒቨርሲቲው እሄዳለሁ። የዶክትሬት ተማሪዎች በምንሠራበት ክፍል ከመስኮቱ ራቅ ያለውን ጠረጴዛ እይዛለሁ፤ መስኮቱ ጋ ፀሐዩ አያስቀምጥም። አመሻሽ ላይ በዚያው መንገድ ወደ ተከራየኋት ክፍል እመለሳለሁ። እሑድ ቅዳሴ ስላለ ሰዓቱ ብቻ ይቀየራል። የምሠራበት የሒሳብ ዘርፍ ኢንትሮፒ የሚባል መለኪያ አለው። ነገሩ በአጭሩ እንዲህ ነው፦ እስከ ትናንት የሆነውን ሁሉ ለሚያውቅ ሰው የዛሬው ቀን ምን ያህል አዲስ ነገር ይነግረዋል? ምንም የማይነግረው ከሆነ ኢንትሮፒው ዜሮ ነው። አንድ ጊዜ ይህንኑ ለባለቤቴ በስልክ አስረድቼው ስጨርስ "እንግዲያው ያንቺ ኑሮ ዜሮ ነዋ" አለኝ። ሳቅን። ስልኩ ከተዘጋ በኋላ ግን ቀልዱ አብሮኝ ቀረ።

ባለቤቴ ከልጃችን ጋር የሚኖረው ከደብረ ታቦር ወጣ ብላ ባለች ከተማ ነው። እኔም የማስተምረው እዚያው አካባቢ ባለ ዩኒቨርሲቲ ነው፤ ለትምህርት ወደ አዳማ የላኩኝ እነሱ ናቸው። ስመጣ ልጄ ሦስት ዓመቷ ነበር። የመጀመሪያዎቹን ሁለት ዓመታት በየክረምቱ እየሄድኩ አያት ነበር። ከዚያ መንገዱ ሲከፈት ሲዘጋ፣ አውሮፕላን ባሕር ዳር ቢያደርሰኝም ከዚያ ወዲያ ያለው እያሰጋን፣ "ቆይ ይረጋጋ" እየተባባልን ሌላ ሁለት ዓመት አለፈ። አሁን ልጄ ስልኩን ስትቀበል "ደህና ነዎት?" ትለኛለች። ለትልቅ ሰው እንዲህ በይ ብላ አያቷ ስላስተማረቻት ነው። አላረምኳትም፤ በስልክ የሚታረም አልመሰለኝም።

ስለዚህ የመመረቂያ ጽሑፌን በፈታኞች ፊት የማቀርብበት ቀን ሲቆረጥ ለእኔ የትምህርት ቀን ብቻ አልነበረም። ከሆሣዕና በፊት ባለው ሳምንት፣ ሰኞ ዕለት ዋለ። ጽሑፉ ታትሞ፣ ተጠርዞ፣ ለፈታኞቹ ተልኳል። የትምህርት ፈቃዴ አንድ ጊዜ ተራዝሞልኛል፤ "ለመጨረሻ ጊዜ" የሚል ቃል ያለበት ደብዳቤ መሳቢያዬ ውስጥ ተቀምጧል። ካለፍኩ ፋሲካን ቤቴ እውላለሁ። መንገዱም በዚያ ሰሞን ተከፍቶ ነበር። ባለቤቴ "አሁን ነው፤ የነገው አይታወቅም" ይለኝ ነበር በደወለ ቁጥር።

ስለ ሥራው ጥቂት ማለት አለብኝ፣ አለዚያ ቀጥሎ የሆነው አይገባም። ኧርጎዲክ የሚባለው የሒሳብ ክፍል የሚያጠናው በአንድ ሕግ ደጋግሞ የሚንቀሳቀስን ነገር ነው። የአዳማን ባጃጆች አስቡ። አንዷን ባጃጅ ብቻ ይዛችሁ ዓመት ሙሉ ብትከተሏት፣ ምን ያህሉን ጊዜ መናኸሪያ፣ ምን ያህሉን ገበያ እንዳሳለፈች ታውቃላችሁ። ወይም ደግሞ በአንድ ቅጽበት ከላይ ሆናችሁ የከተማውን ባጃጅ ሁሉ ብታዩ፣ ምን ያህሉ መናኸሪያ፣ ምን ያህሉ ገበያ እንዳለ ታያላችሁ። ከየትኛዋም ባጃጅ ብትነሡ ሁለቱ መልሶች ከተስማሙ እንቅስቃሴው ኧርጎዲክ ነው። የማይስማሙት አንድ ሰፈር ገብታ የማትወጣ ባጃጅ ስትኖር ነው። ኧርጎዲክ በሆነ ነገር ውስጥ እንዲህ ያለ አጥር የለም። ከየትም ተነሥቶ፣ ዕድሜ የተሰጠው ሁሉ፣ የትም ይደርሳል። ይህን የሚያነብ የሒሳብ ሰው ካለ "ከሞላ ጎደል" የሚለውን ይጨምርልኝ። ትምህርቱን የወደድኩት በዚህ ነበር። ለሰው አልናገረውም እንጂ በአንድ ክፍልና በአንድ ጠረጴዛ መካከል ስመላለስ፣ የማይዘጋ ነገር ማጥናት ያሳርፈኝ ነበር።

በጽሑፌ አርባ አንደኛ ገጽ ላይ አንድ ረዳት ድምዳሜ አለ። እንቅስቃሴው ኧርጎዲክ ከሆነ እየዘለልን፣ በየሁለተኛው እርምጃ ብቻ ብናየውም ኧርጎዲክ ነው ይላል። ሁለት እርምጃን እንደ አንድ መቁጠር ያስፈለገኝ ኢንትሮፒው እጥፍ ስለሚሆን ነው። እጥፉን ይዤ ወደ ምዕራፍ አራት እገባለሁ፤ ምዕራፍ አራት የሥራው ሁሉ ልብ ነው። አማካሪዬ በመጀመሪያው ረቂቅ ኅዳግ ላይ በእርሳስ "ግልጽ ነው" ብለው ጽፈውበታል። እኔም ማረጋገጫውን በሁለት መስመር ዘጋሁት። ጠንቃቃ ሰው ነኝ። ያስቸገረኝን ገጽ ሁሉ ሦስት አራት ጊዜ ደግሜ ሠርቻለሁ። "ግልጽ" የተባለውን ግን አልነካሁም። የትልቅ ሰው እጅ ያረፈበትን ነገር ደግሞ መፈተሽ ባደግኩበት ቤት ነውር ነው፤ አባቴ የተናገረውን ቃል እናቴ እንኳ ለማረጋገጥ ጠይቃ አታውቅም።

የተከራየሁበት ሰፈር ውሃ በፈረቃ ነው። አንድ ቀን ለእኛ፣ አንድ ቀን ከአስፋልቱ ማዶ ላሉት። አከራዬ ከአርሲ የመጡ ሙስሊም ሴት ናቸው፤ የእኔን ጾም ከእኔ በላይ ይቆጥራሉ፣ ጾሙ ሊፈታ ስንት ቀን እንደቀረው ሲጠፋብኝ የምጠይቀው እሳቸውን ነው። እኔ እትዬ እላቸዋለሁ፤ እሳቸው በኦሮምኛ "ኢንተላ ኮ" ይሉኛል፣ ልጄ ማለታቸው ነው። በዚያ ሰሞን ወገባቸውን ስላመማቸው ልብስ የምታጥብላቸው ሴት ይዘው ነበር። ሴትዮዋ ከወለንጪቲ ትመላለሳለች። አንድ ቀን እኛ ግቢ ታጥባለች፣ በማግስቱ እዚያው አገሯ ጉልት ትውላለች።

ፈተናው አሥራ ስድስት ቀን ሲቀረው፣ ቅዳሜ ጠዋት፣ ለዕለቱ የምለብሰውን ነጭ ቀሚስ ይዤ ወጣሁ። ጥለቱ እንዳይለቅ በራሴ እጅ ላጥበው ብዬ ነው። አጣቢዋ ቧንቧው ሥር ዱካ ላይ ተቀምጣ አንሶላ ታሻለች። አከራዬ በረንዳው ላይ እግራቸውን ዘርግተው ይመለከቷታል። በግድግዳው ጥግ ቢጫ ጀሪካኖች ተደርድረዋል።

"እኔ ምለው እትዬ" አለች አጣቢዋ፣ "እነዚህን ሁሉ ጀሪካን ምን ያደርጉልዎታል? ቦታ ከመያዝ በቀር።"

"ውሃ ልይዝባቸው ነዋ።"

"ውሃ? እናንተ ቤት ውሃ ጠፍቶ ያውቃል እንዴ?"

"በይ በይ።"

"ኧረ እመቤቴን። ይኸው ሁለት ወር ሙሉ መጣሁ፣ አንድ ቀን ደርቆ አላየሁትም። መከራው እኛ ጋ ነው። የአዳማ ሰው ታድሏል እያልኩ ነው ለጎረቤቶቼ የማወራው።"

"ቀን እየዘለልሽ አይደል የምትመጪው?"

"እርስዎ አይደሉ እንዴ ቀን ዝለዪ ያሉኝ?"

"እንግዲያው ነገ ነይና እዪው" አሉ አከራዬ። ሳቃቸው ወገባቸውን እየወጋቸው እጃቸውን ጀርባቸው ላይ አደረጉ። "ነገ ነይ። እኔና ይቺ መምህርት ከዚያ ጀሪካን በኩባያ እየቀዳን ፊታችንን ስንታጠብ ታዪናለሽ። ለጎረቤቶችሽም ሄደሽ ንገሪ።"

"ታዲያ አይነግሩኝም? ሁለት ወር ሙሉ አስቀኑኝ እኮ።"

ሁለቱ ይሳሳቃሉ። እኔ ቀሚሱን ሳፋ ውስጥ እንደነከርኩ፣ እጄ ውሃው ውስጥ እንዳለ ቀረሁ። ውሃው አንድ ቀን እዚህ፣ አንድ ቀን ማዶ ነው። ይህ ካሉት ኧርጎዲክ እንቅስቃሴዎች ሁሉ ቀላሉ ነው፤ ሁለት ቦታ፣ አንዱ ወደ ሌላው የሚሄድ፣ የትም የማይዘጋ። ቀን እየዘለለ ለሚያየው ሰው ግን ውሃው ከዚህ ግቢ ወጥቶ አያውቅም። በየሁለተኛው እርምጃ ሲታይ አጥር አለው። አርባ አንደኛው ገጽ ላይ ያለው ቃል ሐሰት ነው።

"ኢንተላ ኮ፣ አመመሽ እንዴ?" አሉኝ አከራዬ።

"ደህና ነኝ እትዬ። አንድ ነገር ትዝ ብሎኝ ነው።"

ቀሚሱን ሳፋው ውስጥ ትቼ፣ እጄን በለበስኩት ልብስ ጠርጌ ገባሁ። በሩን ዘግቼ ገጹን ከፈትኩ። የባሰው ነገር፣ ስሕተቱ ከባድ አልነበረም። በዚህ ትምህርት ውስጥ ኦፕሬተር የሚባል መሣሪያ አለን፤ ዛሬ የምንለካውን ነገር ሁሉ ወደ ነገ የሚያሸጋግር ነው። አንድን ልኬት በነካው ቁጥር ምልክቱን ብቻ የሚገለብጥ ከሆነ፣ ዛሬ ፕላስ ነገ ማይነስ የሚያደርገው ከሆነ፣ "ማይነስ አንድ አለበት" እንላለን። ሁለቴ ሲነካው ምልክቱ ወደ ቦታው ይመለስና ጭራሽ ያልተነካ ይመስላል። የእኔ ሁለት መስመር ማረጋገጫ ይህ ማይነስ አንድ ሊኖር እንደሚችል አላሰበም። አንድ የማስተርስ ተማሪ በፈተና ወረቀት ላይ ቢጽፈው በቀይ የሚሰረዝበት ነገር ነው። ምዕራፍ አራት የተጻፈው ደግሞ ተራ በተራ ስለሚሠሩ፣ በፈረቃ ስለሚለዋወጡ ነገሮች ነው። ሁሉም ማይነስ አንድ አለባቸው። ረዳቱ ድምዳሜ የማይሠራው ልክ እኔ በተደገፍኩበት ቦታ ላይ ነው።

እሑድ ቅዳሴ ቆሜ ከንፈሬ ይመልሳል፣ ልቤ ግን ገጹ ላይ ነበር። ሰኞና ማክሰኞ ልጠግነው ታገልኩ። እዚህ ስደፍነው እዚያ ይከፈታል። የሚገርመው፣ ከእኔ በቀር የሚያውቅ ሰው አለመኖሩ ነገሩን አላቀለለውም። ክፍሏ ጠበበችኝ። ከጠረጴዛው እስከ በሩ አራት እርምጃ ነው፤ አራት ሄጄ አራት እመለሳለሁ።

ማክሰኞ አመሻሽ ለባለቤቴ ነገርኩት።

"ማን አየው?" አለኝ።

"ማንም።"

"አማካሪሽስ?"

"'ግልጽ ነው' ብለውበታል።"

"ታዲያ ግልጽ ነዋ።"

"ሐሰት ነው አልኩህ እኮ።"

ከወዲያ በኩል ሰው በር ሲዘጋ ይሰማል። "እስቲ ንገሪኝ" አለ ቀስ ብሎ፣ "ድልድይ ይሠራበታል? መድኃኒት ይቀመምበታል?"

"አይ።"

"ስንት ሰው ያነበዋል?"

"አራት። ምናልባት አምስት።"

"ለአምስት ሰው ብለሽ ነው ይቺን ልጅ..." ራሱ ተወው። "ይቅር በዪኝ። እንደ ልብሽ አድርጊ። ብቻ መንገዱ ዛሬ ክፍት ነው። ይህን እወቂ።"

ክፉ ሰው አይደለም። አራት ዓመት የልጅ ጠጉር ያበጠረ፣ ትኩሳት ሲይዛት ብቻውን ተሸክሞ ጤና ጣቢያ የሮጠ ሰው ነው። ያለውን ሁሉ እኔም ለራሴ ብዬዋለሁ፤ እሱ ጮክ ብሎ ስላለው ብቻ ልቆጣው አልቻልኩም።

ረቡዕ ቅዳሴ ከወጣ በኋላ የንስሐ አባቴን ቤተ ክርስቲያኑ አጥር ሥር፣ ጥላው ጋ አገኘኋቸው። ሸምገል ያሉ፣ ቃል የማያባክኑ ቄስ ናቸው።

"አባ፣ ሥራዬ ውስጥ ሐሰት ተገኘ" አልኳቸው።

"በሰው ላይ መሰከርሽ?"

"አይደለም አባ፣ ሒሳብ ነው።"

"እያወቅሽ ነው የጻፍሽው?"

"ሳላውቅ ነው።"

"መቼ አወቅሽ?"

"ቅዳሜ።"

በመቋሚያቸው አፈሩን ጫር ጫር አደረጉ። "እስከ ቅዳሜ ያለው ስሕተት ነው። እሱ አስተማሪሽን እንጂ እኔን አይመለከተኝም። ከቅዳሜ ወዲህ ያለው ግን ወደ እኔ እየመጣ ነው።"

"ዝም ብልስ አባ?"

"እንግዲያማ ደረሰ።"

ስግደት ያዙኛል ብዬ ጠብቄ ነበር። ቢያዙኝ ደስ ባለኝ፤ ስግደት ይቀላል፣ በጾሙም ለምጄዋለሁ። እሳቸው ግን "አስተማሪሽ የት ነው ያለው?" ብለው ጠየቁኝ። ቡልቡላ ናቸው አልኳቸው። "ቀኖናሽ መኪና ተሳፍረሽ መሄድ ነው" አሉኝና መስቀላቸውን አሳልመው ሸኙኝ።

አማካሪዬ ጡረታ ለመውጣት አንድ ዓመት የቀራቸው ሰው ናቸው። የቡልቡላ ልጅ ናቸው፤ ማስተማር በማይኖርባቸው ቀናት አባታቸው በተዉላቸው መሬት ላይ ሽንኩርት ያለማሉ። እርሻቸው ላይ ስልክ አይይዝም። ሐሙስ ማለዳ ከአዳማ ሞጆ፣ ከሞጆ ደግሞ ወደ ባቱ በሚሄድ ሚኒባስ ተሳፈርኩ። የመጨረሻው ወንበር ላይ በአንድ ከረጢት እህልና በአንዲት ወፍራም ነጋዴ መካከል ገባሁ። መስኮቱ አይከፈትም።

"ጠጋ በዪ እህቴ" አለችኝ ነጋዴዋ።

"ወዴት ልጠጋ?"

"እኔም እሱን ነው የምጠይቅሽ" አለችና ሁለታችንም ባለንበት ቀረን።

መቂ ላይ ሰው ወርዶ ሰው እስኪሞላ ቆምን። ያን ጊዜ ወርጄ በመንገዱ ማዶ በሚመለሰው መኪና ልሳፈር አሰብኩ። አስቤ አልቀረሁም፣ ከመቀመጫዬ ተነሣሁ። ከረጢቱን ተሻግሬ ለመውጣት ነጋዴዋም ከፊቷ ያሉት ሦስት ሰዎችም መነሣት ነበረባቸው። "ደረስሽ?" ሲሉኝ "አይ፣ እግሬ ደንዝዞብኝ ነው" ብዬ ተቀመጥኩ። እስከ ዛሬ ድረስ ወንበሩ በር አጠገብ ቢሆን ኖሮ ምን አደርግ እንደነበር እርግጠኛ አይደለሁም።

ባቱ ላይ ሌላ መኪና ቀይሬ ቡልቡላ ስደርስ እኩለ ቀን ሊሆን ምንም አልቀረው። አማካሪዬን ሰፊ የገለባ ባርኔጣ አድርገው፣ ሱሪያቸውን ሰብስበው የመስኖ ቦይ ሲቆፍሩ አገኘኋቸው።

"እዚህ ድረስ ምን አመጣሽ?" አሉኝ ቀና ብለው። "የውጭ ፈታኙ ሞተ እንዴ?"

"ኧረ አልሞቱም ዶክተር።"

"ታዲያ ከዚያ የባሰ ነው ማለት ነው።"

ግራር ሥር በተገለበጠ የቲማቲም ሣጥን ላይ ተቀመጥን። የልብስ አጣቢዋን ነገር ከመጀመሪያው ጀምሬ ነገርኳቸው። "የአዳማ ሰው ታድሏል" እስከሚለው ድረስ እየሳቁ ሰሙኝ። "ነገ ነይና እዪው" ያልኩ ጊዜ ሳቃቸው ቆመ።

"ማይነስ አንድ" አሉ።

"አዎ ዶክተር።"

የታተመውን ጽሑፍ ብቻ ሳይሆን የመጀመሪያውን ረቂቅም ይዤ ሄጄ ነበር። ያኔ ለምን እንደያዝኩት ብጠየቅ ለማመሳከር እል ነበር። እውነቱን ለመናገር፣ ጥፋቱን ለብቻዬ መሸከም ስለከበደኝ ነው። ገጹን ገልጬ ሰጠኋቸው። እርሳሱ ደብዝዟል፣ ግን ይነበባል።

"የማን ጽሕፈት ነው ይሄ?"

"የእርስዎ።"

"የእኔ ነው።" ጭቃ የነካውን ጣታቸውን ወረቀቱ ላይ እንዳያሳርፉ ከፍ አድርገው ይዘው ለረጅም ጊዜ አዩት። "መነጽር ሳላደርግ ነው ያየሁት እንዳልል መነጽር የሚያስፈልገው ነገር አይደለም።"

ሲያፍሩ አይቻቸው አላውቅም ነበርና ወዴት እንደማይ ጠፋኝ።

"ፈታኙ አያገኘውም" አሉ ቆይተው። "አውቀዋለሁ፤ መግቢያና መደምደሚያ አንብቦ ስለ ነጠላ ሰረዝ ይጠይቅሻል።"

"ይለፍ እያሉኝ ነው ዶክተር?"

"አላልኩም። ያለሽን ነው የምነግርሽ። ምርጫ ሳይኖረኝ ቀረ ብለሽ በኋላ እንዳታዝኚ።"

"እርስዎስ?"

"እኔማ አንቺ ዝም ብትዪ ዝም ማለት ያምረኛል። ስሜ አለበት። በዚህ ዕድሜዬ አንድ መስመር አላየም መባል..." ባርኔጣቸውን አወለቁ። "አሁን ነግረሽኝ ሁለታችንንም አሰርሽን፣ አይደል?"

"'ማይነስ አንድ የሌለበት' የሚል ቅድመ ሁኔታ ብናስገባስ?"

"ድምዳሜው ይቆማል። ምዕራፍ አራት ግን ይወድቃል።"

"በአሥራ አንድ ቀን አይጠገንም?"

"በአሥራ አንድ ቀን ይሄ ሽንኩርት እንኳ አይደርስም።"

እስክሪብቶ ጠየቁኝ። እዚያው ሣጥኑ ላይ፣ በረቂቁ ጀርባ፣ ጽሑፉን ከፈተናው በፊት መልሼ እንድወስደው መስማማታቸውን ጻፉ። ከሥሩ ደግሞ "ስሕተቱን ያየችው ተማሪዋ ናት፤ እኔ አላየሁትም" የሚል ጨመሩና ፈረሙ። ይህንን አልጠየቅኳቸውም። ስሰናበታቸው ሽንኩርት በፌስታል ሞልተው ሰጡኝ፤ በመልስ ጉዞዬ መኪናው ሁሉ ሽንኩርት ሸተተ።

ዓርብ ጠዋት የድኅረ ምረቃ ቢሮ ሄድኩ። በመስኮቱ ወዲያ ያለችው ሠራተኛ ታውቀኛለች፤ ጽሑፉን የተረከበችኝ እሷ ነበረች።

"አሁን ደግሞ ምን ልታስገቢ ነው?" አለችኝ።

"ላስወጣ ነው። ያስገባሁትን ልወስድ።"

"ማስወጫ የለንም።"

"እንዴት?"

"ፎርም የለውም። ማስገቢያ አለ፣ ማራዘሚያ አለ፣ ማቋረጫ አለ። የገባ መልሶ የሚወስድ ሰው እስከ ዛሬ አልመጣም። ልታቋርጪ ነው?"

"አይደለም።"

"ማራዘም ከሆነ ያንቺ አልቋል። ስምሽ እዚህ ጋ አለ፣ 'ለመጨረሻ ጊዜ'።"

"አውቃለሁ።"

"ታዲያ አንቺን በየትኛው ላድርግሽ?" የምር ነበር የጠየቀችኝ። ሦስቱን ፎርሞች ከፊቷ ዘርግታ ከአንዱ ወደ አንዱ ታያለች። "ዶክተሩ ናቸው የጣሉሽ?"

"እኔ ነኝ። ስሕተት አለበት።"

"ሁሉም ስሕተት አለበት እኮ" አለችኝ ድምጿን ዝቅ አድርጋ። "እዚህ መደርደሪያ ላይ ያለውን ብታዪ። አልፈሽ ታርሚዋለሽ።"

"ይሄ የሚታረም አይደለም። የሚፈርስ ነው።"

ከኋላዬ የተሰለፉት ሁለት ተማሪዎች ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ሠራተኛዋ ፎርሞቹን ሰበሰበችና ባዶ ወረቀት ገፋ አደረገችልኝ። "በእጅሽ ማመልከቻ ጻፊ። መዝገብ ቤት አስገቢው፤ ዲኑ ይመሩበታል። ተስፋ ግን አልሰጥሽም።"

ግድግዳውን ተደግፌ ጻፍኩት። ረጅም አልነበረም። በገጽ አርባ አንድ ላይ ያለው ድምዳሜ ሐሰት መሆኑን ራሴ ማረጋገጤን፣ በእሱ ላይ የተሠራው ምዕራፍ አብሮ መውደቁን ገልጬ፣ ስለዚህም የፈተናው ቀን እንዲሰረዝልኝ ጠየቅኩ። "ጊዜ እንዲሰጠኝ" የሚለውን ጽፌ ሰረዝኩት፣ ከዚያ ደግሞ መልሼ ጻፍኩት። ሥርዝ ድልዝ ያለበት ማመልከቻ በሕይወቴ አስገብቼ አላውቅም ነበር።

መልሱ የመጣው ከሳምንት በኋላ ነው። አንድ ሴሚስተር ተፈቀደልኝ፤ በዚያ ካልጨረስኩ ከፕሮግራሙ እሰናበታለሁ። ለባለቤቴ ስነግረው መጀመሪያ የጠየቀኝ ወሩን ነበር።

"እስከ ነሐሴ" አልኩት።

"ነሐሴ ክረምት ነው። መንገዱ ቢከፈት እንኳ ጭቃው..."

"አውቃለሁ።"

"ልጅቷን ምን ልበላት?"

"ያልጨረስኩት ሥራ አለኝ በላት።"

"እሱንማ አራት ዓመት ስላት ነው የኖርኩት።" ቁጣ አልነበረበትም። ድካም ነበር። "እሺ" አለ። "እሺ። ውሃ ጠጪ፣ ጾሙን ብለሽ ራስሽን አትጉጂ።"

ልፈተንበት በነበረው ሰኞ ዕለት የተመደበልኝ አዳራሽ ለሌላ ሰው ተሰጠ። በኮሪደሩ ሳልፍ የተማሪው ቤተሰቦች ካባና አበባ ይዘው ቆመው ነበር። "እንኳን ደስ ያላችሁ" ብያቸው አለፍኩ። እናቲቱ የማስተምር መስያት ጎንበስ ብላ እጅ ነሣችኝ። ወደ ጠረጴዛዬ ገብቼ ንጹሕ ወረቀት አወጣሁ። በላዩ ላይ፦ እንቅስቃሴው ኧርጎዲክ ቢሆንም በየሁለተኛው እርምጃ ሲታይ ኧርጎዲክ ላይሆን ይችላል፤ ሳይሆን ከቀረ ቦታው በትክክል ለሁለት እኩል ክፍል ይከፈላል፣ እያንዳንዱም ክፍል ለብቻው ኧርጎዲክ ነው ብዬ ጻፍኩ። ከሥሩ "ማረጋገጫ" አልኩ። በዚህኛው ላይ ሁለት መስመር አልበቃኝም፤ አራት ገጽ ሆነ፣ እያንዳንዱን መስመር "ግልጽ ነው" ለሚለኝ ሰው ሁሉ እንደማስረዳ አድርጌ ጻፍኩት። ሲያልቅ እውነት ነበር። ምዕራፍ አራት በእሱ ላይ ይቁም አይቁም ግን አላውቅም ነበር፤ ይህን በምጽፍበት በሰኔ ወርም ገና በሙሉ አላወቅኩም። ግማሹ ቆሟል።